ሆዱን ወደ ውስጥ

ከዛንቲ ሽቅብ ሲሉ፣ ሮዶፒ ተራራ፣
አስፋልቱ ያበቃል ከአንዲት ፍየል ጋራ።
ፍየሏ አትነሳም፤
መሪያችን ጡሩንባ አይነፋም።
ላምብሮስ ይባላል። ቁልፉን ነቀለና
«ከዚህ በእግር ነው» አለን፣ ቦርሳ አወረደና።

አራት ነን። ሁለቱ ከሮተርዳም፣ ባልና ሚስት፤
አንዷ ጡረታ የወጣች የሳይንስ መምህርት፣
ቅጠል ባየች ቁጥር ተንበርክካ ስም የምትጽፍ፤
እኔ ደግሞ ኋላ፣ ጫማ የነከሰኝ፣ ከሁሉ የማርፍ።

ዳገቱ እርከን ነው፤ የአንዱ እርከን ስፋት
ለአልጋ ይበቃል እንጂ አይተርፍም ለመኝታ ቤት።
በቅሎ ብትዞርበት ጭራዋ ውጭ ያድራል፤
ሩሽዲ ግን በዚህ፣ በትንባሆ ቅጠል፣
ስድስት ልጅ አሳድጓል።
አሁን ግማሹ ካብ ሆዱን ነፍቶ ወጥቶ፣
ሌላው ተደርምሶ፣ ቁጥቋጦ ገብቶ፤
ልጆቹ ሐምቡርግ መርከብ ሲበይዱ
ድንጋዮቹም ቁልቁል፣ አንድ በአንድ፣ ሄዱ።

ዝቅ ባለ ድምፅ ላምብሮስ «ፖማኮች ናቸው» አለን፣
በሽተኛ የተኛበት ቤት ልንገባ ይመስል እንደሆንን።
መግቢያው ላይ ታፔላ አለ፣ በግሪክ ፊደል የተጻፈ፣
ጥይት የበሳው፣ ቀለሙ የረገፈ።
ሩሽዲ ግን በደጁ ቆሞ መንደሩን ሲጠራው
ሌላ ስም ነው፤ አጭር፤ ታፔላው የማያውቀው።
«እንዴት ነው የሚጻፈው?» መምህርቷ ስትጠይቅ፣
«ለምን ይጻፋል?» አላት፣ «ጠፍቶን አያውቅ።»

የአንድ ሌሊት ሂሳብ አርባ ዩሮ፣ እራት ከነቁርሱ፣
የጠጉር ፍራሽ ከነትራሱ።
የሄደ ልጅ አልጋ፤ ግድግዳው ላይ የኳስ ቡድን ፎቶ፣
አንድ ጥጉ ተልጦ፣ እንደገና በሊጥ ተጣብቆ፣ በርትቶ።

ናዝሚዬ ከእራት በኋላ አልተኛችም፤ አምፖሉ ሥር
ክንድ በሚያህል መርፌ ትንባሆ ትሰካለች፣ ቅጠል በቅጠል፣ በክር።
«ቁጭ በሉ» አለች በእጇ። ቁጭ አልን።
ሙጫው ጣት ያጠቁራል፤ ያለ ሎሚ አይለቅም አሉን።
በሥራዋ መሀል፣ ቀና ሳትል፣ በላምብሮስ አስጠየቀችኝ፦
«የኛን ሲሰማ ውሏል፤ የሱን አንድ ቃል ይስጠኝ።»
የምድጃውን ጠርዝ በመርፌዋ ነካ አርጋ፦
«ይህስ፣ እናንተ ጋ?»

«ድንጋይ» አልኩ።

«ዲንጋይ» አለች፣ እንደ ጨው ቀምሳው።
«ዲንጋይ» አለ ሩሽዲ፣ ሲጋራው አፉ ላይ እንዳለው።
ከስልኩ ውስጥ፣ ከሐምቡርግ፣ አንዱ ልጅ «ዲንጋይ» ብሎ ሳቀ፤
ቤቱ በአንድ ቃል ሞቀ።

አባቴ ኮንሶ ነው፤ እርከን ላይ ተወልዶ ካብ ሲክብ ያደገ፤
«ትምህርት ቤት ይስቁብሃል» ብሎ እኔን አዳማ በአማርኛ አሳደገ።
ከእናቱ ጋር በስልክ ሲያወራ በረንዳ ይወጣ ነበር፣
ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ እንደሚጠይቅ ብድር።
የምድጃውን ጠርዝ በዚያ አፍ ምን እንደሚሉት
አላውቅም።
ይህን ላምብሮስ አልተረጎመውም፤
አልነገርኩትም።

በማግስቱ ሌሎቹ ወደ ላይኛው መንደር ወጡ፤
የኔ ተረከዝ ውሃ ቋጥሮ፣ እግሮቼ እምቢ ብለው ተቀመጡ።
ሩሽዲን አገኘሁት፣ ከተናደው ካብ ግርጌ፤
አንድ ድንጋይ አነሳሁ፣ ላግዘው ፈልጌ።
አስቀመጥኩት፤ አምሮብኛል።
በአንድ ጣቱ ነካው፤ ይወዛወዛል።
የራሱን ሆድ መታ፣ ጣቱን ወደ ዳገቱ ጠቆመ፦
ሆዱን ወደ ውስጥ። ገለበጠው። ድንጋዩ ቆመ።

አባቴም፣ አዳማ፣ ለቃሪያ መደብ ጠርዝ ሲሠራ
ድንጋይ ይገለብጥ ነበር፣ ቃል ሳያወጣ፣ በጣቱ እያጣራ።

«ዲንጋይ!» አለ ሩሽዲ፣ ሌላ እንዳቀብለው።
አቀበልኩት።
አስራ አንድ ነው፣ እስከ ምሳ የካብነው።

ወደ ዛንቲ ስመለስ፣ አውቶቡስ ውስጥ፣ ሙጫው ከጣቴ አልለቅ ብሎ ነበረ፤
ትኬት ቆራጩ ሲስብ ግማሹ ከኔ ጋር ቀረ።
አዳማ ደወልኩ።
አባቴ «ደህና ነህ?» አለኝ፤ በአማርኛ ጀመረ።